በአራተኛው ደቂቃ ያልወደቀው ቤት

ቤቱ የተሠራው አራት ደቂቃ ነድዶ እንዲወድቅ ነበር። በአራተኛው ደቂቃ ጣሪያው ወደ ሰሜን ያዘምማል፣ ግድግዳው ይከተለዋል፣ ዳይሬክተሩ «በቃ» ይላል፣ እኛም ትኩስ ሻያችንን እንጠጣለን። አውድሮኔ እንዲህ ብላ አስልታ ነበር። አውድሮኔ ካሰላች ደግሞ አለቀ ነው፤ ዘጠኝ ፊልም አብሬያት ስሠራ ሂሳቧ ሲሳሳት አይቼ አላውቅም።

እኔ ቬሮኒካ እባላለሁ፤ በቪልኒዩስ ከተማ የፊልም ዕቃ ኃላፊ ነኝ። ማንኪያው፣ መጋረጃው፣ ተዋናዩ የሚያጨስበት ፒፓ ሳይቀር በእኔ እጅ ያልፋል። አውድሮኔ ደግሞ የፊልም ንድፍ ባለሙያ ናት። በፊልሙ ውስጥ የሚታየው ቤትና ግቢ ሁሉ መጀመሪያ በእሷ ጭንቅላት፣ ቀጥሎ በእርሳሷ፣ በመጨረሻ በአናጢዎቿ እጅ ይፈጠራል። ሠላሳ ስድስት ዓመቷ ነው፣ አላገባችም፣ እርሳሱን ጸጉሯ ውስጥ ሰክታ «እርሳሴን ማን ወሰደው?» የምትል ሴት ናት። የዛሬው ታሪክ የእሷ ነው። ጥፋቱ ግን የእኔም ስለሆነ ሌላ ሰው እንዲያወራላት አልፈለግሁም።

ፊልሙ ከዓለም ጦርነቱ ማግስት ስለነበረው ክፉ ዘመን ነው። በታሪኩ ሽፍቶች መጥተው የአንድ ገበሬ ቤት ያቃጥላሉ። ሽፍቶች ናቸው ተብሎ ካልተጻፈ ሳንሱሩ ፊልሙን ከነጭራሹ አይፈቅድም ነበር፤ ያን ጊዜ ማን ማንን እንዳቃጠለ የሚያውቅ ያውቃል። አውድሮኔ የልቧን ቤት ስትፈልግ ከርማ በዙኪያ አውራጃ ጥድ ደን መካከል፣ ኩሬ ዳር አገኘችው። ከወፍራም ግንድ የተሠራ፣ የእንጨት ክዳን ያለው፣ በአካባቢው የቀረ የመጨረሻው ከመንደር ተነጥሎ የቆመ ግቢ ነበር። ሌላው ሁሉ በቡልዶዘር ተጠርጎ፣ ሰዉ በመንደር ተሰብስቦ የሸክላ ቤት ተሰጥቶታል።

የቤቱ ባለቤት እማማ ማርሴሌ ግን ንቅንቅ አልልም ብለዋል። ባላቸውን ቤኔዲክታስን ከሠላሳ አራት ዓመት በፊት ወታደሮች በጭነት መኪና ሲወስዱት «እዚሁ ጠብቂኝ» ብሏቸው ነበር። እሳቸውም እዚያው እየጠበቁ ነው። የመንግሥት የጋራ እርሻ ሊቀመንበር ሊያስወጣቸው ለሦስተኛ ጊዜ ሲመጣ፣ «ሰውዬው ሲመለስ የት ብሎ ይፈልገኝ?» አሉት። ሊቀመንበሩ ጭንቅላቱን አከከና «እስቲ ፊልሙ ይለቅ» ብሎ ሄደ።

አንድ ልጃቸው ፖቪላስ የጋራ እርሻው አናጢ ነው፤ በትርፍ ጊዜው ንብ ያረባል። አውድሮኔ ቤቱን ልትለካ የመጣች ቀን የሜትሩን ሌላውን ጫፍ የያዘላት እሱ ነው። ሦስት ቀን ለኩ። እኔ ቤተ መንግሥት ስንለካ እንኳ ሦስት ቀን ሲፈጅብን አይቼ አላውቅም።

ከዚያ የበረዶውን ወራት በሙሉ ደብዳቤ ነበር። አንዱን አሳይታኛለች። «ምድጃው አንድ ሜትር ከስልሳ ነው» ይላል፤ «ይህን እንደምታውቂው አውቃለሁ። ሌላ የምጽፍበት ምክንያት ስላጣሁ ነው።» አውድሮኔ ይህችን ሁለት መስመር ስንት ጊዜ እንዳነበበቻት አልነግራችሁም፤ ወረቀቱ በማጠፊያው ላይ ተቀዶ ነበር።

እማማ ማርሴሌ ነገሩ ገብቷቸዋል። አንድ ቀን እሷ እየሰማች ለልጃቸው፣ «የከተማ ሴት ቤት ትለካለች እንጂ አትኖርበትም» አሉት። አውድሮኔ አልተቆጣችም። ሜትሯን ጠቅልላ ኪሷ ከተተችና «እማማ፣ ከቤትዎ አንዲት ሚስማር አትነካም» አለቻቸው። ቃሏንም ለመጠበቅ ከኩሬው ማዶ የሚቃጠለውን ቤት ሠራች፤ ከስስ ጣውላ፣ ላዩ ግንድ እንዲመስል ተጠርቦ፣ ሚስማሩ ሆን ተብሎ እስከ ግማሽ ብቻ ተመትቶ። መስኮቱ፣ የዝናቡ እድፍ፣ የደጃፉ ድንጋይ ስንጥቅ ሳይቀር አንድ ነበር። የእኛ ሰዎች ራሳቸው እየተምታታባቸው ስለተቸገሩ በበሩ ውስጠኛ ጎን «2» የሚል ሰሌዳ ቸነከረችበት። እማማ ማርሴሌን ሄደው እንዲያዩት ብንለምናቸው፣ «የራሴን ሬሳ ቆሜ አላይም» ብለው እምቢ አሉ።

ነሐሴ ላይ የፖቪላስ ደብዳቤ መጣ። «አግቢኝ። እናቴን ጥዬ ግን አልመጣም» ይላል። አውድሮኔ ሦስት ሳምንት ያለ መልስ ይዛው ዞረች። ቪልኒዩስን፣ ሥራዋን፣ ፎቅ ላይ ያለችውን ብርሃን የሞላባት ክፍሏን አሰበች። ከዚያ ደግሞ የሜትሩን ሌላ ጫፍ የያዘውን እጅ ታስባለች፤ እንቅልፍም አጣች።

*

ቤቱ ሊቃጠል ሁለት ቀን ሲቀረው፣ ዓርብ ዕለት፣ ዳይሬክተራችን ሄንሪካስ የውሃ ጉድጓዱ አጠገብ ያዛት።

«አውድሮኔ፣ የሠራሽው ቤት ግሩም ነው። ግን ገለባ ነው። እውነተኛ ግንድ ሲነድ ሌላ ነገር ነው።»

«ሄንሪካስ፣ ሰው ይኖርበታል።»

«አሮጊቷ ለክረምት ወደ መንደሩ መግባታቸው አይቀር። ቡልዶዘር ከሚበላው ካሜራ ይብላው። እናናግራቸው።»

«አንተ ተወው። እኔ አናግራቸዋለሁ።»

አውድሮኔ «እኔ አናግራለሁ» ካለች ነገሩ ሞቶ ተቀበረ ማለት ነው። ይህን የማውቀው እኔ ነኝ። ፖቪላስ ግን ማገዶ ታቅፎ ከእንጨት ክምሩ ጀርባ ሲወጣ የሰማው የመጨረሻዎቹን ሁለት ንግግሮች ነው። ቀና ብሎ አያት። እሷ ፈገግ አለችለት፤ እሱ ፊቱን አዙሮ ወደ ቤት ገባ።

«ምን ሆኖ ነው?» አለችኝ።

«ንብ ነድፎት ይሆናል» አልኳት።

ሳቀች፤ ዓይኗ ግን ከበሩ አልተነሳም። ሴት ልጅ ለሰው ሳቅ አበድራ ልቧ ሌላ ቦታ ሲቀር አውቃለሁ።

*

ቅዳሜ የምንቀርጸው፣ ሽፍታው በሩን በእግሩ በርግዶ ሲገባ ነበር። ቀረጻው በእውነተኛው ቤት ነው። የቤቱ ዕቃ ከወጣ ወር ሆኖት በእኔ ዕቃ ተሞልቷል፤ እማማ ማርሴሌ የሚያድሩት ጎተራው ውስጥ ነው፣ ፖቪላስም ከንቦቹ ጋር ዳስ ውስጥ። ተዋናዩ ጫማውን እያጠበቀ ሳለ አውድሮኔ በሩ ፊት ቆመች።

«ይህ በር አይመታም። የቤኔዲክታስ የእጅ ሥራ ነው።»

«ታዲያ ምን ይመታ?» አለ ሄንሪካስ።

«ከማዶ ያለውን በር አምጡና ግጠሙ።»

እኔና ሁለት አናጢዎች የማዶውን በር ነቅለን አመጣን። እውነተኛውን በብርድ ልብስ ጠቅልለን ጎተራ አስገባነው። እማማ ማርሴሌ ከጎተራው ደጃፍ ሆነው ሁሉን አዩ። ቀረጻው ሲያልቅ ነጭ አይብ ቆርሰው፣ ማር አፍስሰውበት፣ ለአውድሮኔ በእጃቸው ሰጧት። «ብይ፣ ከስተሻል» አሏት። አውድሮኔ ማሩ በጣቷ ሲወርድ ቆማ ቀረች።

ከሰዓት በኋላ ከቪልኒዩስ ተደውሎ ለአንድ ፊርማ ተፈለገች። መኪናው ሞተሩን እያስጮኸ ሲጠብቃት ወደ ጎን ጎትታ ወሰደችኝና የታሸገ ደብዳቤ እጄ ውስጥ ጨመረች።

«እትዬ ቬሮኒካ፣ ነገ ፖቪላስ ከቅዳሴ ሲመለስ ስጪልኝ።»

«ምን ይላል?»

«እሱ ያንብበው።»

ጆሮዋ ፍም መስሎ ነበር። እሺ ብላዋለች ማለት ነው። ደስታው እኔንም አሰከረኝ መሰለኝ፣ ቀጥላ ያለችኝን በግማሽ ጆሮ ነው የሰማሁት።

«በሩንም ዛሬ ማታውኑ ወደ ቦታው መልሺልኝ። አደራ።»

አደራ አለችኝ። እኔ ደግሞ አልመለስኩትም። ዝናብ ጣለ፣ ወገቤን አመመኝ፣ አናጢዎቹ ቢራቸውን ይዘው ተቀምጠዋል። ነገ በማለዳ፣ ከእሳቱ በፊት አደርገዋለሁ አልኩ።

እሳቱን እንዲለኩሱልን ከጦር ሠፈር የተላኩት ወታደሮች የደረሱት ያን ቀን በዝናብ ውስጥ፣ አመሻሽ ላይ ነው። ቦታውን አይተውት አያውቁም። የያዙት ወረቀት «በሩ ላይ 2 ቁጥር ያለበት» ይላል። ፈልገው አገኙት። ለነገው እሳት ሁሉን አሰናድተው ሥራቸውን በሚገባ ሠሩ።

*

ለእሳቱ እሁድ የተመረጠው የእርሻው ትራክተሮች ስለማይጮኹ ነው። ጉም ኩሬውን ሸፍኖት ነበር። መፍቻዬን ይዤ ስደርስ ካሜራዎቹ ሦስቱም ተተክለዋል፤ ግን ከወዲህኛው ዳር፣ ከእማማ ማርሴሌ ቤት ፊት ነው የተተከሉት።

«ምነው እዚህ?» አልኩት ካሜራማኑን።

«ወታደሮቹ ያዘጋጁት ይህን ነው። ዕቅድ ተቀይሮ ይሆናላ።»

በእኛ ሥራ ዕቅድ እስከ ምሳ ሦስት ጊዜ ይቀየራል፤ ለምን ብሎ የሚጠይቅ እንደ ጀማሪ ይቆጠራል። ሄንሪካስን አየሁት፤ ኮሌታውን አቁሞ ዝም ብሏል። አይቶ ዝም አለ ወይስ በጉሙ ተምታቶበት፣ እግዜር ይወቀው። እኔስ? አውድሮኔ ዓርብ ዕለት «አናግራቸዋለሁ» ያለችው ትዝ አለኝ። ጎተራው ተዘግቷል፤ ልጅና እናት ቅዳሴ ሄደዋል። አናግራቸው ተስማምተው ይሆናል፣ ከእኔ ደብቃ ይሆናል አልኩ። ዘጠኝ ፊልም አብሬያት የሠራኋትን ሴት በአንድ ማለዳ ጠረጠርኳት። ዝም አልኩ።

እሳቱ ተለኮሰ። አንድ ደቂቃ ሆነው፣ ሁለት ሆነው። በሦስተኛው ከላይ ከመንገዱ አውድሮኔ ስትወርድ አየኋት፤ በማለዳው አውቶቡስ ነው የመጣችው። በጉሙ ውስጥ የሚታያት ነበልባሉ ብቻ ነው። ሰዓቷን እያየች፣ እንደ ልማዷ በከንፈሯ እየቆጠረች፣ ፈገግ ብላ አጠገቤ ቆመች።

«አሁን ይወድቃል» አለች።

አልወደቀም። አምስት ሆነ። ግንዱ ከውስጥ ቀይ ሆኖ እያጓራ ቀጥ ብሎ ቆሟል። ፈገግታዋ ፊቷ ላይ ረስታው የሄደችው ነገር መሰለ።

«ለምንድን ነው የማይወድቀው?» አለችኝ ቀስ ብላ። «እትዬ ቬሮኒካ፣ ለምንድን ነው የማይወድቀው?»

ያን ጊዜ ነፋስ ነፈሰና ጉሙ ከኩሬው ላይ ተገፈፈ። ከማዶ አንድ ቤት ብቅ አለ። ደህና ነው። ምንም አልነካውም። በር ብቻ የለውም።

ክው አለች። እኔም ክው አልኩ፤ እሷ እንዳላወቀች የገባኝ ያኔ ነው። ደንግጬ አውቃለሁ፤ ባሌ የሞተ ዕለት ደንግጫለሁ፤ እንዲህ ግን ሆኜ አላውቅም። መፍቻው ከእጄ ወድቆ እግሬን ሲመታኝ አልተሰማኝም።

አውድሮኔ ሮጠች። ወደ እሳት አደጋ መኪናው «ውሃ!» ብላ ጮኸች። «ካሜራው እየቀረጸ ነው፣ ማንም እንዳይገባ» አለ ሄንሪካስ። እሷ ገባች። ከዋናው ካሜራ ፊት ቀጥ ብላ ቆማ እጆቿን ዘረጋች፤ ከኋላዋ ቤቱ ይነድዳል፣ ሌንሱ ውስጥ የሚታየው የእሷ ፊት ብቻ ነው። ካሜራማኑ አጠፋው። ውሃው ተረጨ። የደረሰው ግን ለጣሪያው ሳይሆን ለአመዱ ነበር። በሕይወቷ የሠራችው ምርጥ ቤት ከማዶ ቆሞ ያያታል፤ ያን ያህል ጎበዝ በመሆኗ ራሷን ስትጠላ በዓይኔ አየሁ።

*

የፖቪላስ ሞተር ሳይክል ከቅዳሴ ሲደርስ ማንም ቦታውን አልለቀቀም። እማማ ማርሴሌ የእሁድ ሻሻቸውን አስረው፣ የጸሎት መጽሐፋቸውን ታቅፈው ከጎን መቀመጫው ወረዱ። አዩ። አላለቀሱም፣ አልጮሁም። እጃቸው ብቻ የሻሹን ቋጠሮ ፈታ፣ መልሶ አሰረ፣ ደግሞ ፈታ።

ፖቪላስ ቀጥ ብሎ ወደ አውድሮኔ ሄደ። ድምፁን አላነሳም፤ ቢያነሳ ይሻል ነበር።

«አናግራቸዋለሁ ብለሽ ነበር። ደህና አድርገሽ አናገርሽን።»

እኔ መሃል ገባሁ። በሩን፣ አደራውን፣ ዝናቡን፣ ወገቤን፣ ሁሉን ዘረገፍኩት። «ጥፋቱ የእኔ ነው፣ ልጄ። እሷ ያቺን በር ያመጣችው የአባትህ በር እንዳይመታ ብላ ነው።»

አላየኝም። እሷን ነው የሚያየው።

«ሰሌዳውን በሩ ላይ የቸነከርኩት እኔ ነኝ» አለች አውድሮኔ። «በር ይነቀላል። ግድግዳው ላይ መሆን ነበረበት። ይህን የሚያውቅ ሰው እኔ ነበርኩ።»

እኔ ሞኟ ደግሞ ደብዳቤውን አውጥቼ ሰጠሁት። «ትናንት የጻፈችው ነው» አልኩት። ሳይከፍተው ኮቱ ውስጥ ከተተው፤ የሰው ዕቃ እንደተሰጠው። አውድሮኔ ደብዳቤው ሲጠፋ በዓይኗ ተከተለችው። እሺ ማለቷን የምናውቀው እሷና እኔ ብቻ ነን። ከዚህ በኋላ ያ እሺታ ለማን ይሆናል?

«ያኛው ቆሟል?» አሉ እማማ ማርሴሌ።

መጽሐፋቸውን እንደታቀፉ መልስ ሳይጠብቁ ኩሬውን ዞረው መሄድ ጀመሩ። እርጥቡ ሳር እስከ ጉልበታቸው ያረጥባቸዋል። በርቀት ተከተልናቸው። «ሬሳዬን አላይም» ያሉት ቤት ደርሰው፣ በር በሌለው ደጃፍ አጎንብሰው ገቡ። አውድሮኔን ዞር ብለው «ነይ» አሏት። እኔ ከመስኮቱ ስር ቆምኩ።

መጀመሪያ ምድጃውን ቆረቆሩት። ድምፁ የሳጥን ድምፅ ነው።

«ባዶ ነው።»

«አዎ እማማ። ጣውላ ነው።»

አግዳሚው ላይ ተቀመጡ፤ የእኔ ዕቃ የሆነ አግዳሚ። ወደ መስኮቱ ዞር አሉ።

«መስኮቱ ልክ ነው» አሉ። «መንገዱ ይታያል።»

«በዚያው አቅጣጫ ነው ያቆምኩት። ብርሃኑ አንድ እንዲሆን።»

«ቤኔዲክታስ ዓይኑ ደካማ ነበር» አሉ እማማ ማርሴሌ። «መነጽሩን እንኳ ሳያነሳ ነው የወሰዱት። ከመንገዱ ሲያየው አይለየውም።»

አውድሮኔ ከወለሉ ላይ ቁጭ አለች። እኔ የመስኮቱን ደፍ ይዤ ቀረሁ። ሠላሳ አራት ዓመት የጠበቁትን ሰው፣ ቤታቸው ገና እየጨሰ፣ አሁንም ይጠብቁታል። ይህን ከሚነግሩን ይልቅ ቢረግሙን በቀለለኝ ነበር።

«ይህ ቤት ክረምቱን ይችላል?»

«አይችልም እማማ። እንዲወድቅ ነው የሠራሁት። የመጀመሪያው በረዶ ይጥለዋል።»

«እንግዲያው ለክተሽ መሄድ የለም። ተቀምጠሽ እንዳይወድቅ አድርጊልኝ» አሏት። እጃቸውን ጸጉሯ ላይ አደረጉ፤ የተሰካውን እርሳስ አገኙና አውጥተው መዳፏ ላይ አኖሩላት። «ቤቴን ከእኔ ቀጥሎ የምታውቂው አንቺ ነሽ። ይሄ ልጄ እንኳ እዚያ አድጎ የጣሪያውን ቁመት አያውቅም።»

ደጃፉ ላይ ጥላ ወደቀ። ፖቪላስ ነበር፤ ከመቼ ጀምሮ እንደቆመ አላውቅም። ፊቱ ጥላሸት ነክቶታል፣ ከጥላሸቱ በታች ደግሞ ሌላ ነገር። እናቱን አየ፣ ባዶውን ምድጃ አየ፣ ከዚያ ወለል ላይ የተቀመጠችውን ሴት። ካሜራ ቢኖር ኖሮ ዝም ብሎ መቅረጽ ነበረበት።

«መጀመሪያ የሚወድቀው የትኛው ጎን ነው?» አላት።

«የሰሜኑ» አለችው። «ሚስማሩ ግማሽ ድረስ ብቻ ነው የተመታው።»

የእሁድ ኮቱን አውልቆ፣ ማን ይያዝልኝ ብሎ ሳይፈልግ፣ ለእሷ ሰጣት። ወጣ። የአናጢዎቻችንን መዶሻ ከሳሩ ላይ ሲያነሳ አየሁት። እሷ ኮቱን፣ ያልተከፈተ ደብዳቤዋ በውስጡ እንዳለ፣ እጆቿ እስኪነጡ ጨብጣ ተቀመጠች፣ ዓይኗን ከሰሜኑ ግድግዳ አላነሳችም። የመጀመሪያው ምት ሲያርፍ ስሱ ቤት ከእግር እስከ ራሱ ተንቀጠቀጠ። ከሁላችንም መጀመሪያ ያለቀሰችው አውድሮኔ ነች፤ እማማ ማርሴሌም ሻሻቸውን ፈትተው ሰጧት።